በጌም መሀል የሚጮኸው ድምፅ፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

«ጌም ስጫወት ኮምፒውተሩ በመሀል ይጮኻል፤ ቫይረስ ገብቶበት ይሆናልና ፎርማት አድርግልኝ።» በኮምፒውተር ጥገና ሥራ በቆየሁባቸው ዓመታት ይህን ያህል ደጋግሜ የሰማሁት ጥያቄ የለም። የሚያስቆጣኝ የደንበኛው አለማወቅ አይደለም፤ ሰው ወደ ባለሙያ የሚሄደው የማያውቀውን ሊጠይቅ ነው። የሚያስቆጣኝ ባለሙያ ነኝ ብሎ ሱቅ የከፈተ ሰው፣ ድምፁ ከየት እንደሚመጣ ለአንድ ደቂቃ እንኳ ሳያዳምጥ፣ ፍላሽ ሰክቶ ዊንዶውስ መጫን መጀመሩ ነው። ስለዚህ ስለ እነዚህ ድምፆች የምሰማቸውን የተሳሳቱ አመለካከቶች አንድ በአንድ አነሣለሁ። የምናገረው ስለ ዊንዶውስ 10 እና 11 ነው።

«ኮምፒውተር በጌም መሀል ከጮኸ ቫይረስ አለበት፤ መድኃኒቱም ፎርማት ነው»

ከሁሉም ይልቅ ሥር የሰደደውና ብዙ ሰው የጎዳው ይህ ነው። መረጃ ለመስረቅ ወይም ኮምፒውተር ለመጉዳት የተሠራ ፕሮግራም በአብዛኛው የሚፈልገው ባለቤቱ ሳያውቅበት መቆየት ነው፤ ስለዚህ «ቲንግ» እያለ መኖሩን የሚያስታውቅበት ምክንያት የለውም። በጌም መሀል የምትሰሙትን ድምፅ አብዛኛውን ጊዜ የሚያሰማው ዊንዶውስ ራሱ ነው፤ ካልሆነም እናንተ ፈቅዳችሁ የጫናችሁት ሌላ ፕሮግራም ነው።

ባለፈው ክረምት አንዲት እናት የልጃቸውን ላፕቶፕ ይዘው፣ ልጁንም አስከትለው መጡ። ላፕቶፑ በሌላ ሱቅ ሁለት ጊዜ ፎርማት ተደርጓል፤ በመጀመሪያው ጊዜ ልጁ ለትምህርት ቤት የሠራቸው ጽሑፎችና የቤተሰቡ ፎቶግራፎች አብረው ጠፍተዋል፤ ጩኸቱ ግን እንዳለ ነው። እናትየው «ልጄ፣ ሦስተኛ ጊዜ ከመክፈሌ በፊት ይድን እንደሆነ ቁርጡን ንገረኝ» አሉኝ። ልጁን ወንበር ሰጥቼ፣ ቤት እንደሚጫወተው አድርጎ እንዲጫወት ነገርኩት። ማይንክራፍት ከፈተ። ለጥቂት ደቂቃዎች ምንም አልተሰማም። «መቼ መቼ ነው የሚጮኸው?» ስለው ትንሽ አሰበና «ጓደኛዬን ሰላም ስለው» አለኝ።

በማይንክራፍት ብዙ ተጫዋቾች ሰላምታ የሚለዋወጡት ጎንበስ ቀና በማለት ነው፤ ጎንበስ ለማለት የሚጫኑትም ሺፍትን ነው። ልጁ በግራ እጁ ትንሿ ጣት ሺፍትን ጠቅ፣ ጠቅ፣ ጠቅ አደረገ፤ አምስተኛው ላይ ኮምፒውተሩ ጮኸ፣ ጌሙ ወደ ታች ወረደ፣ በቦታውም አንድ የጥያቄ ሳጥን ብቅ አለ። እናትየው «ይኸው!» አሉ። ሁለት ጊዜ የተከፈለበት ቫይረስ ይህ ነበር።

ነገሩ «ስቲኪ ኪይስ» ይባላል። ሁለት ቁልፎችን በአንድ ጊዜ ይዞ መቆየት ለሚቸግራቸው ሰዎች የተሠራ፣ ከዊንዶውስ 95 ጀምሮ ያለ አገልግሎት ሲሆን፣ ሺፍት በተከታታይ አምስት ጊዜ ሲጫን ብቅ ይላል። ሳይታሰብ የተነኩ ወይም የተደጋገሙ ቁልፎችን ችላ የሚለው «ፊልተር ኪይስ» ደግሞ የቀኙ ሺፍት ለስምንት ሰከንድ ተይዞ ሲቆይ ይመጣል። ለሚያስፈልጋቸው ሰዎች ትልቅ ጥቅም ያላቸው ናቸውና አገልግሎቱን አልነቅፍም፤ የማያስፈልገው ሰው ግን አቋራጩን መዝጋት ይችላል። በዊንዶውስ 11 ሴቲንግስ ውስጥ «አክሰሰቢሊቲ»፣ በዊንዶውስ 10 ደግሞ «ኢዝ ኦፍ አክሰስ» የሚለውን ከፍታችሁ ወደ «ኪቦርድ» ግቡ፤ በስቲኪ ኪይስ ሥር ያለውን የኪቦርድ አቋራጭ አጥፉት፤ በፊልተር ኪይስም ላይ እንዲሁ አድርጉ። ከአንድ ደቂቃ በላይ አይወስድም። በጥያቄ ሳጥኑ ላይ ደንግጣችሁ «የስ» ካላችሁ ግን አገልግሎቱ ይበራል፤ ከዚያ በኋላ ሺፍት ወይም ኮንትሮል በተነካ ቁጥር ድምፅ ይሰማል፣ አጻጻፉም ይለወጣል። በዚህ ምክንያት ደህና ኪቦርድ ጥለው አዲስ የገዙ ደንበኞች አውቃለሁ።

ፎርማት ለምን እንደማያድን አሁን ግልጽ ይመስለኛል። አዲስ የተጫነ ዊንዶውስ ይህን አቋራጭ ከፍቶ ነው የሚመጣው፤ የማሳወቂያ ድምፆችንም እንዲሁ። ከዚህ በፊት የዘጋችኋቸው ድምፆች ቢኖሩ እንኳ ፎርማቱ መልሶ ይከፍታቸዋል። ፋይላችሁን አጥታችሁ፣ ገንዘብ ከፍላችሁ፣ የበለጠ የሚጮህ ኮምፒውተር ይዛችሁ ትሄዳላችሁ ማለት ነው።

«ኮምፒውተርዎ ተጠቅቷል» የሚል ጽሑፍ በስክሪኑ ጥግ ከድምፅ ጋር የሚመጣባችሁ ከሆነም አትደንግጡ። አብዛኛውን ጊዜ አንድ ድረ ገጽ ማሳወቂያ ልላክ ብሎ ሲጠይቅ «አላው» ተብሎ ስለተፈቀደለት ነው። በክሮም ሴቲንግስ ውስጥ «ሳይት ሴቲንግስ»፣ ቀጥሎ «ኖቲፊኬሽንስ» ገብታችሁ የማታውቁትን አድራሻ ሁሉ ሰርዙ፤ ጽሑፉ ላይ ያለውን ሊንክ ግን በፍጹም አትንኩ።

«የጌሙን ድምፅ ብቀንሰው ማሳወቂያውም ይቀንሳል»

አይቀንስም፤ እንዲያውም የጌሙ ድምፅ ዝቅ ሲል ማሳወቂያው ጎልቶ ይወጣል። ከ2007ቱ ዊንዶውስ ቪስታ ጀምሮ እያንዳንዱ ፕሮግራም የራሱ የድምፅ መጠን አለው፤ በጌሙ ውስጥ ያለው ማስተካከያ የሚያዘው ጌሙን ብቻ ነው። የድምፁን ባለቤት ለማግኘት በታችኛው መስመር ያለውን የድምጽ ማጉያ ምልክት በቀኝ ክሊክ ነክታችሁ «ቮሊዩም ሚክሰር»ን ክፈቱ። ድምፅ የሚያወጡ ፕሮግራሞች በስማቸው ተዘርዝረው ታገኟቸዋላችሁ፤ «ሲስተም ሳውንድስ» የሚለውም የዊንዶውስ የራሱ ድምፅ ነው። ከጌሙ ሳትወጡ ማየት ከፈለጋችሁ የዊንዶውስ ምልክት ያለበትን ቁልፍ ከ«ጂ» ፊደል ጋር ስትጫኑ ጌም ባር ይከፈታል፤ በውስጡም ይኸው ማስተካከያ አለ።

«ዱ ኖት ዲስተርብን ካበራሁ ሁሉም ነገር ዝም ይላል»

ዱ ኖት ዲስተርብ፣ በዊንዶውስ 10 ፎከስ አሲስት የሚባለው፣ የሚያግደው በዊንዶውስ በኩል የሚያልፉትን ማሳወቂያዎች ነው። ጠቃሚ ነው፤ ጌም ሲከፈት በራሱ እንዲበራ የሚያደርግ ምርጫም አለውና እንድትጠቀሙበት እመክራለሁ። ነገር ግን እንደ ስቲም (ጌም የሚገዛበትና የሚከፈትበት) እና ዲስኮርድ (ተጫዋቾች የሚነጋገሩበት) ያሉት ፕሮግራሞች ድምፃቸውን ራሳቸው ስለሚያጫውቱ እያንዳንዱን በራሱ ሴቲንግስ ውስጥ መዝጋት ያስፈልጋል። በስቲም ሁለት ቦታ አለ፤ አንዱ በዋናው ሴቲንግስ «ኖቲፊኬሽንስ» ሥር፣ ሌላው በጓደኞች ዝርዝር ሴቲንግስ ውስጥ ነው። ሰው አንዱን ዘግቶ ሌላውን ስለሚረሳው «ዘጋሁት፣ ተመልሶ ተከፈተ» ይላል። በዲስኮርድ የመልእክት፣ የሰው መግቢያና መውጫ፣ የማይክ መዝጊያ ድምፆች ለየብቻ ተዘርዝረዋል፤ የሚረብሻችሁን ብቻ ማጥፋት ትችላላችሁ። በኮምፒውተር ላይ የሚጫነው ቴሌግራምም የራሱ የድምፅ ማጥፊያ አለው፤ እኔ ግን ከዚያ በፊት የሚጮኹትን ትልልቅ ግሩፖች ለየብቻ ሚዩት እንድታደርጉ እመክራለሁ፤ የቤተሰብ መልእክት አብሮ እንዳይታፈን።

«የድምፅ ፋይሉን ከጌሙ ፎልደር ብሰርዘው ይሻላል»

ጌሙ ሲታደስ ወይም ስቲም ፋይሎቹን ሲያረጋግጥ የጎደለውን መልሶ ያወርዳል፤ ዳታ ማባከን ነው።

«ጓደኛዬ ሲያናግረኝ የጌሙ ድምፅ የሚወርደው ሳውንድ ካርዱ ስለተበላሸ ነው»

ሳውንድ ካርዱ ደህና ነው። ዊንዶውስ ኮምፒውተሩ ለጥሪ እየዋለ መሆኑን ሲያውቅ የሌሎችን ድምፅ በ80 በመቶ እንዲቀንስ ተደርጎ ነው የሚመጣው። ኮንትሮል ፓነል ውስጥ «ሳውንድ»ን ከፍታችሁ «ኮሚዩኒኬሽንስ» በሚለው ገጽ ላይ «ዱ ናቲንግ» የሚለውን ምረጡ።

«እየተቆራረጠ የሚመጣው የዩኤስቢ ድምፅም ይዘጋልኝ»

ይህን ስጠየቅ እምቢ እላለሁ። አንድ ዕቃ ሲነቀል ዊንዶውስ ሁለት የሚወርዱ ድምፆች፣ ሲሰካ ደግሞ ሁለት የሚወጡ ድምፆች ያሰማል። ምንም ነገር ሳትነቅሉ ይህ ከተሰማ፣ ከኮምፒውተሩ ጋር የተያያዘ አንድ ነገር በእርግጥም እየተነቀለ ነው። አንድ ወጣት ድምፁን ዝጋልኝ ሲለኝ የሄድፎኑን ኬብል ከመሰኪያው አንገት ላይ ይዤ ትንሽ አጠፍ ሳደርገው ድምፁ ተሰማ፤ ሳቃናው ደግሞ የመሰካቱ ድምፅ ተሰማ። የውስጡ ሽቦ ሊበጠስ ጥቂት ቀርቶት ነበር። ብዙ ዕቃ በአንድ የዩኤስቢ ማባዣ ላይ መሰካትም ይህን ያመጣል፤ አንድ የዩኤስቢ 2.0 ቀዳዳ እንዲሰጥ የተወሰነለት ኃይል 500 ሚሊአምፔር ነውና ኪቦርድ፣ ማውስና ተንቀሳቃሽ ሃርድ ዲስክ ሲካፈሉት አንዱ ይወድቃል። ጌማችሁ የተጫነው በዚያ ሃርድ ዲስክ ላይ ከሆነ ድምፁን መዝጋት ማለት ፋይላችሁ ሲበላሽ አለመስማት ማለት ነው። መጀመሪያ ኬብሉን ቀይሩ፤ ከዚያ ድምፁ ራሱ ይቆማል።

መብራት ሲጠፋ ከጠረጴዛው ሥር «ቢፕ» የሚለው ዩፒኤሱ፣ ማለትም መብራት ሲጠፋ ኮምፒውተሩን ለጥቂት ጊዜ የሚያቆየው የባትሪ ሣጥን ነው፤ በባትሪ ላይ ናችሁና ጌማችሁን ሴቭ አድርጉ።

«በጌሙ ውስጥ ያለው ማስጠንቀቂያ ሁሉ ትርፍ ነው»

አንዱ ቡድን ቦምብ ተክሎ ሌላው ስለሚያከሽፍበት የተኩስ ጌም፣ ስለ ካውንተር ስትራይክ 2 ብቻ ልናገር፤ ብዙ ደንበኞቼ የሚጫወቱት እርሱን ስለሆነ ነው። በድምፅ ማስተካከያው የሜኑው ሙዚቃ፣ የዙሩ መጀመሪያና መጨረሻ፣ የኤምቪፒው (የዙሩ ምርጥ ተጫዋች) ዜማ እና የአሥር ሰከንዱ ማስጠንቀቂያ ለየብቻ መጠን አላቸው። ብዙ ሰው ሁሉንም ጠራርጎ ዜሮ ያደርጋል፤ የመጨረሻው ላይ ግን ይሳሳታል። የተተከለ ቦምብ የሚፈነዳው በ40 ሰከንድ ነው፤ ማክሸፊያ ኪት የሌለው ተጫዋች ለማክሸፍ 10 ሰከንድ፣ ኪት ያለው 5 ሰከንድ ያስፈልገዋል። የአሥር ሰከንዱ ማስጠንቀቂያ ሲሰማ ኪት ከሌላችሁና ማክሸፍ ካልጀመራችሁ ጊዜው አልፏል፤ መሮጥና መሣሪያችሁን ማትረፍ ነው የሚሻለው። ኪት ካላችሁ ግን ገና ዕድል አላችሁ። ስለዚህ የሜኑውን፣ የዙሩንና የኤምቪፒውን ዜሮ አድርጋችሁ የአሥር ሰከንዱን ብቻ፣ የእግር ኮቴ እንዳይሸፍን ዝቅ አድርጋችሁ፣ ተዉት።