ሐዘን በፊልም፦ ያልተቀረጸውን ማሳየት

የተለመደው ፊልም ሐዘንን በእንባ ነው የሚያሳየን። ሙዚቃው ከፍ ይላል፣ ካሜራው ፊት ላይ ይጠጋል፣ አለቀ። የሙከራ ፊልም ሠሪዎች በዚህ አይረኩም። አንዳንዶቹ የደረሰውን ነገር ጨርሶ አያሳዩም፤ በቦታው ሌላ ነገር ያስቀምጣሉ።

እኔን ከሁሉ የሚገርመኝ የካምቦዲያው ሪቲ ፓን ነው። ክሜር ሩዦች የተባሉት የካምቦዲያ ኮሚኒስት ታጣቂዎች በ1975 (ዓመቶቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) ፕኖም ፔንን ሲይዙ ገና ልጅ ነበር። የከተማው ሕዝብ ወደ ገጠር ተነዳ። ፓን ወላጆቹንና ሌሎች ዘመዶቹን አጣ። አገዛዙ ካሜራ ነበረው፤ የቀረጸው ግን በደስታ አፈር የሚያግዝ ሕዝብ ነው። የተራበ ልጅ ማን ይቀርጻል?

ፓን ወደ ጭቃ ሄደ። በ2013 በወጣው «የጠፋው ምስል» ውስጥ ቤተሰቡ ከሸክላ የተሠራ ነው፤ ተቀርጸው ቀለም የተቀቡ ትንንሽ ሰዎች። አባትየው ነጭ ሙሉ ልብስ ለብሷል፣ ከረባት አስሯል። ቆይቶ የሁሉም ልብስ ጥቁር ይሆናል፣ የጎድን አጥንታቸው ይወጣል። አንዳንዴ በአገዛዙ ጥቁርና ነጭ ፊልም ላይ ተደርበው ይታያሉ። ደግሞ አይንቀሳቀሱም። የሚንቀሳቀሰው ካሜራው፣ የሚናገረው ተራኪው ነው። መጀመሪያ ሳየው፣ እውነት ለመናገር፣ የልጆች አሻንጉሊት መስሎኝ ነበር። ግን ተዋናይ በረሃብ ሲሞት ብናይ «ጎበዝ፣ ተጫወተው» ማለታችን አይቀርም። ጭቃ አይተውንም። ፊልሙ በዚያው ዓመት በካን ፌስቲቫል «ኧን ሰርቴን ርጋር» የተባለውን ዘርፍ አሸነፈ።

እስራኤላዊው አሪ ፎልማን በሥዕል ሞከረው። በ1982ቱ የሊባኖስ ጦርነት ወታደር ሆኖ ያየው ከትዝታው ጠፍቶበት፣ ጓዶቹን እየዞረ ጠየቀና ወሬያቸውን በ2008 አኒሜሽን አደረገው። መጨረሻው ላይ ግን ሥዕሉ ይቆምና በቤይሩት ፍልስጤማውያን ስደተኞች ከሚኖሩባቸው ከሳብራና ሻቲላ እልቂት በኋላ የተቀረጸ እውነተኛ ምስል ይመጣል።

የእኛው ኃይሌ ገሪማ ጊዜን ይሰባብራል። በ«ጤዛ»፣ በ2009 የፌስፓኮን (በቡርኪና ፋሶ የሚካሄደውን የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል) ታላቅ ሽልማት ባገኘው ፊልሙ፣ አንበርብር አንድ እግሩን አጥቶ ከጀርመን ወደ ትውልድ መንደሩ ይመለሳል። እንዴት እንዳጣው ቶሎ አይነገረንም። ጀርመን፣ የደርጉ አዲስ አበባ፣ ልጅነቱ፣ ቅዠቱ እየተደበላለቁ ይመጣሉ። «ግራ አጋባኝ» የሚል ተመልካች አይጠፋም። ልቅሶ ቤት ያለች እናትም እኮ ስታወራ እንዲህ ናት፤ ከጠዋቱ ቡና ትጀምራለች፣ ሳትጨርሰው ወደ ክርስትናው ትሄዳለች፣ ከዚያ ተመልሳ «ስኒው እስካሁን አልታጠበም» ትላለች።