ከፊልሙ በኋላ ያለው ጨዋታ፦ አጃቢ ፖድካስት ከወሎ ሲታይ

አጃቢ ፖድካስት ከአንድ ፊልም ወይም ተከታታይ ድራማ ጎን የሚሄድ የድምፅ ዝግጅት ነው። ፊልሙን አይተካም። ያየ ሰው ካየ በኋላ የሚያዳምጠው ነው። ደራሲው፣ ዳይሬክተሩ፣ ኤዲተሩ ወይም ጉዳዩን በቅርብ የሚያውቅ ሰው ቁጭ ብሎ ያወራል። ያ ትዕይንት ለምን እንደዚያ ተቀረጸ? የቱ እውነት ነው፣ የቱስ ፈጠራ? ምን ተቆርጦ ቀረ? ሰው ፊልም አይቶ ሲወጣ በልቡ የሚያመላልሰውን ጥያቄ ፊልሙን ለሠራው ሰው የሚጠይቅለት ዝግጅት ነው ማለት ይቻላል።

ስሙ አዲስ ነው እንጂ ነገሩ ለወሎ ሰው እንግዳ አይደለም። ደሴ ወይም ኮምቦልቻ ቪዲዮ ቤት አግዳሚ ላይ ተጣቦ ያደገ ሁሉ ያውቀዋል። ፊልሙ ህንድ ነው፣ ወይም እንግሊዝኛ። ንግግሩን የሚሰማ ጥቂት ነው። ግን ሁሌም ፊልሙን ቀድሞ ያየ አንድ ልጅ አይጠፋም። እሱ ይተረጉማል፣ ያብራራል። «ቆይ ታያለህ፣ አክተሩ አይሞትም» ይላል። ትልቁ ነገር ግን ከወጡ በኋላ ነው። እስከ ሰፈር ድረስ ክርክር ነው። ያ ሰውዬ ለምን ከዳው? እህቱ መሆኗን መቼ አወቀ? እኔ እንደሚመስለኝ ብዙዎቻችን ፊልሙን በደንብ ያየነው እዚያ ዳገት ላይ፣ እየተከራከርን ስንሄድ ነው።

ጃፓኖች እንዲህ ላለው አስረጂ የሙያ ስም ነበራቸው። ቤንሺ ይሉታል። ፊልም ድምፅ በሌለው ዘመን ቤንሺው ከስክሪኑ አጠገብ ሆኖ ታሪኩን ይተርካል። የገጸ ባሕርያቱን ንግግር ድምፁን እየለዋወጠ ይናገራል። ፊልሙን ሳይሆን ቤንሺውን መርጦ ሲኒማ ቤት የሚገባ ተመልካችም ነበር። በ1930ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ድምፅ ያለው ፊልም ሲስፋፋ ሙያው ከሰመ።

የዛሬው አጃቢ ፖድካስት የቅርብ ዘመዱ ግን ሌላ ነው። በ1984 እ.ኤ.አ. ሮናልድ ሄቨር የሚባል የፊልም ባለሙያ በ1933 የተሠራውን «ኪንግ ኮንግ» እያየ ማብራሪያ ቀረጸ። ማብራሪያው ከዲቪዲ በፊት በነበረው የፊልም ማጫወቻ፣ በሌዘር ዲስክ ላይ ከፊልሙ ድምፅ በተለየ መስመር ተጫነ። የፈለገ ሰው የፊልሙን ድምፅ ይሰማል፣ የፈለገ ደግሞ የሄቨርን ወሬ። ኋላ ዲቪዲ ሲመጣ ይህ አሠራር በየቤቱ ገባ። «ፖድካስት» የሚለው ቃል የተፈጠረው በ2004 እ.ኤ.አ. ነው። ቤን ሐመርስሊ የተባለ ጋዜጠኛ ጋርዲያን ጋዜጣ ላይ ጻፈው። በዓመቱ፣ በ2005፣ ሮናልድ ሙር «ባትልስታር ጋላክቲካ» የተባለውን የራሱን ድራማ ክፍል በክፍል እየተከተለ ማብራሪያውን በፖድካስት መልቀቅ ጀመረ። በ2009 ደግሞ «ብሬኪንግ ባድ» የራሱን ፖድካስት ይዞ መጣ። አቅራቢዋ ኬሊ ዲክሰን የድራማው ኤዲተር ናት። የድራማው ፈጣሪ ቪንስ ጊሊጋንም አብሯት ይቀመጥ ነበር።

ኤዲተር አቅራቢ መሆኗ ቀላል ነገር አይደለም። ተመልካች ተዋናዩን ያያል፣ የዳይሬክተሩን ስም ያነባል። ፊልሙን ቆርጦ የቀጠለውን ሰው ግን ማን ያስታውሰዋል? አንድ ዝምታ ሁለት ሰከንድ ቢረዝም የትዕይንቱ ስሜት ይለወጣል። ያንን የወሰነው ሰው ሲናገር መስማት ዓይን ይከፍታል። ከዚያ በኋላ ሌላ ፊልም ስታይ መቁረጫው የት ጋ እንደሆነ ይታወቅሃል። ስለ አንድ ፊልም ሰምተህ የተማርከው ለሚቀጥለው ሁሉ ይሆናል።

በዚህ ዘርፍ በምሳሌነት የሚጠቀሰው ግን በ2019 የወጣው፣ ስለ ቼርኖቤል የኑክሌር ጣቢያ አደጋ የተሠራው የ«ቼርኖቤል» ድራማ ፖድካስት ነው። ድራማው አምስት ክፍል ነው። ፖድካስቱም ለእያንዳንዱ ክፍል አንድ አለው። ደራሲው ክሬግ ሜዚን ይመልሳል፣ የሬዲዮ አቅራቢው ፒተር ሴገል ይጠይቃል። ሜዚን ከእውነተኛው ታሪክ የት ላይ እንደወጣ ራሱ ይናገራል። ኡላና ኾምዩክ የተባለችው ሳይንቲስት በእውን የነበረች ሰው አይደለችም። አደጋውን ለመመርመር የደከሙትን ብዙ ሳይንቲስቶች ወክላ የተፈጠረች ናት። ድራማው ራሱ ይህን የሚናገረው መጨረሻው ላይ በጽሑፍ ነው። በእውነተኛ መከራ ላይ ድራማ የሚሠራ ሰው «ይህችን እኔ ጨመርኳት፣ ይህኛው ግን የሆነ ነው» ብሎ መለየቱ የሞቱትን ማክበር ነው ብዬ አምናለሁ።

ይህ ነገር ወሎን ይመለከታል። ወሎ በካሜራ ምክንያት ዓለም ያወቃት አገር ናት። የወሎን ሰው ግን ማንም ማይክ ሰጥቶ «አንተስ ምን ትላለህ?» ብሎ አልጠየቀውም ለማለት እደፍራለሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። የእንግሊዙ ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ በወሎ የነበረውን ረሃብ ቀርጾ ሄደ። ፊልሙ ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታየ። ዓለም ደነገጠ፣ እርዳታ ተሰበሰበ። ዓመት ሳይሞላ ያው ምስል ሌላ ሥራ ተሠራበት። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ቀረበ። አሁን ግን በረሃብተኞቹ መሃል የቤተ መንግሥት ድግስ ገብቶበታል። በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። ያው የተራበ ሕፃን፣ ያው ቦታ ነው። አጠገቡ የተቀጠለው ሲለወጥ ትርጉሙ ሌላ ሆነ። ስለ ኤዲቲንግ ማስተማር የሚፈልግ ሰው ከዚህ የበለጠ ምሳሌ ለማግኘት ሩቅ መሄድ የለበትም።

ከዚያ ሰባ ሰባት መጣ። ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. የማይክል ቡርክ ዘገባ በቢቢሲ ተላለፈ። ካሜራውን የያዘው ኬንያዊው መሐመድ አሚን ነበር። ቦታው ያኔ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር የነበረው ኮረም ነው። ያን ምስል ያየ ብዙ ሰው ዛሬም ወሎ ሲባል ያንን ሜዳ ነው የሚያስበው። ስሙን ያልጠየቁት ሰው ፊት ብቻ ነው የቀረው።

አጃቢ ፖድካስት እዚህ ላይ ሥራ አለው። እነዚያ ፊልሞች ዛሬም ይታያሉ። ከጎናቸው የዚያን ጊዜ ልጅ የነበረ አንድ የወሎ ሽማግሌ ቢናገርስ? «ያ ቦታ እንዲህ ነበር። ሰው ከየት ከየት መጣ። እኛ ከዚያ በኋላ ወዴት ሄድን።» ምስሉ አይለወጥም። የሚያየው ሰው ግን ይለወጣል።

የወሎ ነገር ግን ረሃብ ብቻ አይደለም፤ እንዲያውም የበለጠው ሌላ ነው። ሙዚቃውን ተመልከት። ከአራቱ ታዋቂ ቅኝቶች አምባሰልና ባቲ ስማቸው የወሎ አገር ስም ነው። አምባሰል ከደሴ በስተሰሜን ነው። ባቲ ከኮምቦልቻ በስተምሥራቅ፣ ሰኞ ሰኞ ገበያዋ አፋሩን፣ ኦሮሞውን፣ አማራውን የምታገናኝ ከተማ ናት። አንድ የአማርኛ ፊልም ሐዘን ላይ አምባሰል ቢያስገባ ተመልካቹ አንጀቱ ይላወሳል፤ ለምን እንደሆነ ግን ላያውቅ ይችላል። ፖድካስት ላይ ማሲንቆ የሚመታ ሰው አራቱን ቅኝቶች በየተራ ቢያሰማው በአምስት ደቂቃ ይገባዋል። ይህን ጽሑፍ አይችለውም፤ ድምፅ ያስፈልገዋል። አነጋገሩም እንደዚያው ነው። «አብሽር» የሚለውን ቃል የወሎ ሰው በምን ልስላሴ እንደሚለው በፊደል አስረዳ ብባል አልችልም።

አሁን ስለ ማዳመጡ። የዲቪዲው ማብራሪያ ስክሪን ፊት ያስቀምጥ ነበር። ፖድካስት ሰውን ከስክሪኑ ነፃ አወጣው። ከደሴ አዲስ አበባ 400 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ በአውቶቡስ ቀኑ መንገድ ላይ ያልቃል። ትናንት ማታ ፊልም ያየ ሰው በደሴና በኮምቦልቻ መካከል ያለውን የሐረጎን ቁልቁለት እየወረደ ስለዚያው ፊልም ቢሰማ ትዕይንቶቹ በዓይኑ ይመጡለታል። ልብስ ሰፊው መርፌ እየሰካ፣ እናት ወጥ እያማሰለች ይሰማል። ዳታም አይበላም። መጠነኛ ጥራት ያለው፣ ማለትም 64 ኪሎቢት በሰከንድ የሆነ የአንድ ሰዓት ድምፅ 29 ሜጋባይት ገደማ ነው። ዋይፋይ ያለበት ቦታ ዳውንሎድ አድርጎ፣ በቴሌግራም ለጓደኛ ልኮ፣ መብራት በጠፋበት ምሽት መስማት ይቻላል። ቪዲዮ እንዲህ አይመችም።

መቼ ይሰማ ለሚለው የእኔ ምክር አጭር ነው። ከፊልሙ በፊት አይሁን። መጨረሻውን ከሌላ አፍ መስማት ፊልሙን ይገድለዋል። ከፊልሙ ጋር እኩልም አይሁን። አንድ ቀን ይደርበት። የራስህን ሐሳብ ሳትይዝ የዳይሬክተሩን ከሰማህ የእሱን ይዘህ ትቀራለህ። ለተከታታይ ድራማ ደግሞ ያየኸው ክፍል ላይ ቁም። ጥሩ አቅራቢዎች መግቢያው ላይ «እስከዚህ ያላየ አይስማ» ብለው ያስጠነቅቃሉ።

ችግር የለበትም ማለት አይደለም። ብዙው አጃቢ ፖድካስት የሚሠራው በፊልሙ ባለቤት ገንዘብ ነው። ስለዚህ ሙገሳ ይበዛበታል። ተዋናይ ተዋናይን ያመሰግናል፣ ሰዓቱ ያልቃል። ከዚህ የሚያድነው ጠያቂው ነው። ፊልሙ ውስጥ እጁ የሌለበት፣ «ይህ ቦታ አልገባኝም» ለማለት የማያፍር ሰው ያስፈልጋል። ሌላው ችግር ሁሉን መተርጎም ነው። ሰምና ወርቅ ያደገበት ሰው ወርቁን ራሱ ሲያገኘው ነው ደስ የሚለው። ዳይሬክተር እያንዳንዱን ምስል ከፈታው ለተመልካች ምን ተረፈ?

ለመሥራት ብዙ አይጠይቅም። ጸጥ ያለ ክፍል፣ ደህና ስልክ፣ ሦስት ሰው ይበቃል። ምንጣፍና ጋቢ ድምፅ እንዳይጮህ ያደርጋሉ። ወሎ ላይ ደግሞ የጨዋታው ሥርዓት ቡናው ላይ ተዘርግቶ ያለ ነው። በአቦል ሰው ፊልሙን እንዴት እንዳየው ይናገራል። በቶና የሠራው ሰው ይመልሳል። በረካ ላይ ነገሩ ወደ ኑሮ ይገባል፤ አንዷ «እኛ ቤትም እንዲህ ሆኖ ነበር» ትላለች። ሲኒው ሲንኳኳ፣ ረከቦቱ ላይ ሲቀመጥ የሚሰማውን ድምፅ ከቀረጻው አታውጡት።