ክስን «መብት ተጠብቆ» ማንሳት ምንድን ነው?

ባንክ ላይ የተከፈተ ክስ ሁሉ በፍርድ አያልቅም። አንዳንዱን ከሳሹ ራሱ «አንስቻለሁ» ብሎ ያዘጋዋል። ይሄ መሸነፍ ላይሆን ይችላል፤ መብቱን በሌላ መንገድ ለመጠየቅ አስቦም ይሆናል። «መብት ተጠብቆ» ማንሳት ማለት በዚያው ጉዳይ እንደገና ለመክሰስ የፍርድ ቤት ፈቃድ ይዞ ክሱን መተው ነው።

ነገሩ ብዙ ጊዜ የሚመጣው ከመያዣ ነው። ተበዳሪው ብድሩን መክፈል ያቅተዋል። ባንኩ በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ የፍርድ ቤት ውሳኔ ሳይጠብቅ፣ ቤቱን ለሐራጅ ያወጣል። ባለቤቱ ይደነግጥና «ሐራጁ ይቁምልኝ» ብሎ ይከሳል። ቤቱ ሊሸጥበት ነውና ማንም አይፈርድበትም። ግን አዋጁ የወጣው ባንኮች ፍርድ ቤት ሳይመላለሱ ገንዘባቸውን እንዲያስመልሱ ስለሆነ፣ ሽያጩን የማስቆም መንገድ ጠባብ ነው። ያው አዋጅ ግን ባንኩ ሥርዓቱን ጥሶ ቢሸጥ ለሚያደርሰው ጉዳት ተጠያቂ ያደርገዋል። ስለዚህ አንዳንዱ የጀመረውን ክስ አንስቶ ካሳ ይጠይቃል። ሌላው ብድሩ እንዲራዘምለት ከባንኩ ጋር ይደራደራል ወይም አቤቱታውን ለብሔራዊ ባንክ ያቀርባል።

ወሳኙ ነገር ክሱ የሚነሳበት መንገድ ነው። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 278 ይህን ይመለከታል። ከሳሹ ክሱን መተው ይችላል። በዚያው ጉዳይ እንደገና መክሰስ ከፈለገ ግን የፍርድ ቤቱን ፈቃድ ማግኘት አለበት። ፍርድ ቤቱም ዝም ብሎ አይፈቅድም። ክሱ የአቀራረብ ጉድለት ያለበት መሆኑን ወይም ሌላ በቂ ምክንያት መኖሩን ያያል። ያለ ፈቃድ ያነሳ ሰው በዚያው ጉዳይ ዳግም መክሰስ አይችልም፤ የባንኩን ወጪና ኪሳራም ሊከፍል ይችላል። ብዙ ሰው የሚጎዳው እዚህ ላይ ይመስለኛል። ከባንኩ ሰው ጋር በቃል ይስማማል፣ ባለ አንድ መስመር ማመልከቻ ያስገባል፣ መዝገቡ ይዘጋል። ድርድሩ ሲፈርስ የሚመለስበት በር የለውም።

ፈቃዱ ቢገኝም ሁለት ነገር መታሰብ አለበት። የመጀመሪያው እግዱ፣ ማለትም ሐራጁ ለጊዜው እንዲቆም ፍርድ ቤቱ ሰጥቶት የነበረ ትዕዛዝ ካለ፣ እሱ ነው። እግድ የቆመው በክሱ ላይ ስለሆነ ክሱ ሲነሳ አብሮ ይወድቃል፤ ባንኩም ሐራጁን መቀጠል ይችላል። ከባንኩ ጋር ስምምነት ካለ በጽሑፍ ተደርጎ፣ ተፈርሞ፣ ከዚያ ነው ክሱ መነሳት ያለበት። ሁለተኛው ይርጋ፣ ማለትም ክስ ማቅረብ የሚቻልበት የጊዜ ገደብ፣ ነው። በፈቃድ የተነሳ ክስ ጊዜውን አያቆምም፤ የሚቆጠረው የፊተኛው ክስ እንዳልነበረ ተደርጎ ነው። ከውል ውጭ በሚደርስ ጉዳት የሚጠየቅ ካሳ ደግሞ ይርጋው 2 ዓመት ብቻ ነው። ፍርድ ቤት ውስጥ ያለፈው ጊዜ ከዚያው ላይ ይቀነሳል።

ማመልከቻው ላይ ምክንያቱ ተዘርዝሮ «አዲስ ክስ የማቅረብ መብቴ ተጠብቆ» ተብሎ ይጻፍ። ትዕዛዙ ሲሰጥም ግልባጩን ወስዶ ማንበብ ያስፈልጋል። ፈቃዱ ማመልከቻው ላይ ተጠይቆ ትዕዛዙ ላይ ካልሰፈረ፣ ዛሬ ነገ ሳይሉ እዚያው ችሎት መጠየቅ ነው።