«ዕቃ ጦር» ጦር አይደለም፦ ስለ አንድ ብርቅ ቃል የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

ጅማ ውስጥ ከመርካቶ ወደ ፈረንጅ አራዳ በባጃጅ የሚሄድ ሰው ከፊቱ ያለውን ባጃጅ ጀርባ ያነባል። የቁርኣን ቃል አለ። የእግር ኳስ ቡድን ስም አለ። የመጽሐፍ ቅዱስ ጥቅስም አለ። ከጥቅሶቹ መካከል «የእግዚአብሔርን ዕቃ ጦር ሁሉ ልበሱ» የሚለው ይገኝበታል። ከኤፌሶን መልእክት ምዕራፍ 6 ቁጥር 11 የተወሰደ ነው።

ጥቅሱን ብዙ ሰው በቃሉ ያውቀዋል። «ዕቃ ጦር ምንድን ነው?» ብላችሁ ብትጠይቁ ግን መልሱ ይለያያል። ቃሉን ከዚህ ክፍል ውጭ የሚሰማው ሰው በጣም ጥቂት ስለሆነ አይፈረድበትም። በገበያ፣ በዜና፣ በፍርድ ቤት አይነገርም። ብርቅ ቃል ነው። ብርቅ ስለሆነም እያንዳንዱ በመሰለው ይፈታዋል። እኔ ይህን ቃል እወደዋለሁ፤ በተሳሳተ ፍቺ ሲዘዋወር ዝም ማለት አልፈልግም። የምሰማቸውን ስህተቶች አንድ በአንድ ልያዛቸው።

«ዕቃ ጦር የጦር ዓይነት ነው»

ትልቁ ስህተት ይህ ነው፤ ሌሎቹም ከዚህ ይወለዳሉ። የመጣበት መንገድ ግልጽ ነው። በአማርኛ ሁለት ስሞች ጎን ለጎን ሲቆሙ አብዛኛውን ጊዜ ዋናው ኋላ ያለው ነው። «ቡና ቤት» ቤት ነው። «ዕቃ ቤት»ም ቤት ነው፤ ዕቃ የሚቀመጥበት። «ጦር ሜዳ» ሜዳ ነው። በዚህ ልማድ ያደገ ጆሮ «ዕቃ ጦር» ሲሰማ አንድ ለየት ያለ ጦር ይታየዋል።

እውነታው ተቃራኒው ነው። እዚህ ዋናው ቃል «ዕቃ» ነው። «ጦር» የምን ዕቃ እንደሆነ ይናገራል። ስለዚህ ትርጉሙ የጦርነት ዕቃ፣ ወታደር ለውጊያ የሚይዘውና የሚለብሰው ሁሉ ማለት ነው። ባጭሩ ሙሉ ትጥቅ ነው።

«ጦር» የሚለው ቃልም ቢሆን የሚወረወረውን መሣሪያ ብቻ አይደለም የሚያሳየው። ሠራዊትም ጦር ይባላል። ጦርነትም ጦር ይባላል። አባቶች «ጦር አውርድ» ሲሉ ከሰማይ ሹል ብረት እንዲዘንብ መለመናቸው አልነበረም፤ ጦርነት መመኘታቸው ነበር። በ«ዕቃ ጦር» ውስጥ ያለው ጦር ይኸኛው ነው።

ለዚህ ጥሩ ማረጋገጫ ራሱ ምዕራፉ ውስጥ አለ። ከቁጥር 14 እስከ 17 ዕቃዎቹ ተዘርዝረዋል። የወገብ መታጠቂያ፣ ጥሩር (የደረት መከላከያ)፣ የእግር ጫማ፣ ጋሻ፣ ራስ ቁር፣ ሰይፍ። ስድስት ናቸው። የሚወረወር ጦር የለበትም! ይህን ስታዩ ጉዳዩ በቃ አለቀ። ስሙ ላይ «ጦር» አለ፤ ዝርዝሩ ውስጥ ግን አንድም ጦር የለም። ፖሊቢየስ የተባለው ጥንታዊ የግሪክ ታሪክ ጸሐፊ የሮማን እግረኛ ወታደር ትጥቅ ሲዘረዝር ሁለት ተወርዋሪ ጦሮችን ይጨምራል። የኤፌሶን መልእክት ግን እነሱን አላነሳም።

ሌላም ነገር ልጨምር። መልእክቱ የተጻፈበት የግሪክ ቃል «ፓኖፕሊያ» ነው። ከ«ፓን» እና ከ«ሆፕላ» የተሠራ ነው። የመጀመሪያው «ሁሉ» ማለት ነው፤ ሁለተኛው መሣሪያዎች ማለት ነው። ስለዚህ በአማርኛው ጥቅስ «ሁሉ» የምትለው ቃል ለማሳመር የገባች አይደለችም። የትርጉሙ ግማሽ እሷ ላይ ነው ያለው። ጥቅሱን ሲያሳጥሩ «ዕቃ ጦር ልበሱ» ብለው የሚጽፉ አሉ። ቦታ ቢጠባቸው እንኳ «ሁሉ»ን ባይቆርጧት ደስ ይለኛል። ወታደር ራስ ቁር አድርጎ ጋሻውን ቤት ከረሳ ሙሉ ትጥቅ የለውም፤ ቃሉም የሚለው ይህንኑ ነው።

«ዕቃ እና ጦር ማለት ነው»

ይህኛው ትንሽ ብልህ ስህተት ነው። አማርኛ «እና» ሳይል ሁለት ነገር የማጣመር ልማድ አለው። «እህል ውሃ» እንላለን፤ እህልና ውሃ ማለት ነው። «ቤት ንብረት» እንላለን። ስለዚህ «ዕቃ ጦር»ም ዕቃና ጦር ይሆናል የሚል አለ። ይባስ ብሎ ዕቃውን ድስትና ብርጭቆ፣ የጓዝ ዓይነት አድርጎ የሚተረጉመው ይገኛል።

ግን አይደለም። ዕቃ ጦር አንድ ነገር ነው፤ በጦር የተገለጸ ዕቃ። «ዕቃ» ድሮም የወጥ ቤት ብቻ አልነበረም። መገልገያ ሁሉ ዕቃ ነው።

በዚያው መጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ በእውነትም የጥምረት ቃል የሆነ ዘመድ አለው። «ጋሻ ጦር» ይባላል። ሮሜ 13፥12 ላይ «የብርሃንን ጋሻ ጦር እንልበስ» የሚል አለ። ይህ ጋሻና ጦር ነው፤ እንደ «እህል ውሃ» ሁለቱ ተጣምረው ሙሉውን ትጥቅ ይወክላሉ። መከላከያው በጋሻ፣ ማጥቂያው በጦር ተወክሏል። ስለዚህ «ዕቃ ጦር» እና «ጋሻ ጦር» መልካቸው አንድ ቢመስልም አሠራራቸው የተለያየ ነው። የሚደርሱበት ቦታ ግን ይቀራረባል። ማደናገሩም ከዚህ ይመስለኛል።

«የተገለበጠ ነው፤ ትክክሉ የጦር ዕቃ ነው»

የተማሩ ሰዎችም ይህን ይላሉ። የማተሚያ ስህተት ነው የሚልም አለ። አይደለም፤ አሠራሩ የግእዝ ነው። ግእዝ ባለቤትነትን ሲያያይዝ ዋናውን ቃል ያስቀድማል። «ቤተ መንግሥት»፣ «መዝገበ ቃላት»፣ «ንዋየ ቅድሳት» እንዲህ የተሠሩ ናቸው። «ቤት» እና «መዝገብ» ሲያያዙ መጨረሻቸው ተለውጦ «ቤተ» እና «መዝገበ» ሆነ። «ዕቃ» ግን በ«ቃ» ስለሚያልቅ አይለወጥም። ለዚህ ነው የግእዙ ምልክት የማይታየው፤ አንባቢም ተራ አማርኛ መስሎት የሚሳሳተው።

«የጦር ዕቃ»ም ትክክል ነው። በ1954 ዓ.ም. የታተመው መጽሐፍ ቅዱስ ራሱ ሁለቱንም ይጠቀማል። 2ኛ ቆሮንቶስ 10፥4 ላይ «የጦር ዕቃችን ሥጋዊ አይደለም» ይላል። ኤፌሶን ላይ ደግሞ «ዕቃ ጦር» አለ። ስለዚህ ተርጓሚዎቹ «የጦር ዕቃ» ማለት ጠፍቷቸው አልነበረም። «አዲሱ መደበኛ ትርጉም» የተባለው የመጽሐፍ ቅዱስ ትርጉም ኤፌሶንንም «ሙሉ የጦር ዕቃ» ብሎታል። ፍቺው በእርግጥ ቀለለ፤ ለአዲስ አንባቢ ይሻላል። የድሮው አጭርነትና ክብደት ግን ለእኔ ይበልጥብኛል።

ጅማ ላይ ደግሞ ሌላ ግምት ይሰማል። ቃሉ ከኦሮምኛ የመጣ ነው ይባላል። ግምቱ ያለ ምክንያት አይደለም። በኦሮምኛ የጦር መሣሪያ «ሜሻ ወራና» ነው። «ሜሻ» ዕቃ፣ «ወራና» ጦርነት። ቅደም ተከተሉ ቁርጥ «ዕቃ ጦር» ነው! ሁለቱን ቋንቋ እየቀላቀለ ያደገ የጅማ ልጅ «ዕቃ ጦር» ሲሰማ ብዙም ላይደናገር ይችላል፤ ቤቱ የለመደው አደራደር ነውና። ሆኖም አንዱ ከሌላው አልተወሰደም። ኦሮምኛ በራሱ ሕግ ዋናውን ቃል ያስቀድማል፤ ግእዝም በራሱ ሕግ ያስቀድማል። ተገጣጠሙ እንጂ አልተዋዋሱም።

ግእዝ ራሱ ለዚሁ ነገር «ንዋየ ሐቅል» የሚል ስም አለው። እሱም በተራው ይሳሳቱበታል። ዛሬ «ንዋይ» ስንል ገንዘብ ነው የሚታየን። በግእዝ ግን ንዋይ ዕቃም ነው፤ ንዋየ ቅድሳት የቤተ ክርስቲያን ዕቃዎች እንጂ የቤተ ክርስቲያን ገንዘብ አይደለም። «ሐቅል» ሜዳ ነው። ዐረብኛ የተማሩ የጅማ ልጆች ይህችን ቃል ወዲያው ያውቋታል፤ በዐረብኛም «ሐቅል» የእርሻ ሜዳ ነው። ስለዚህ ንዋየ ሐቅል የሜዳ ዕቃ፣ ማለትም ለውጊያ የሚወጣበት መሣሪያ ነው።

«ልበሱ ስለሚል መከላከያ ልብስ ብቻ ነው»

ሰይፍ አይለበስም፤ እውነት ነው። ግን ሰይፍ ዝርዝሩ ውስጥ አለ። ቁጥር 11 «ልበሱ» ይላል፤ ቁጥር 13 ደግሞ ያንኑ ዕቃ ጦር «አንሡ» ይላል። የሚለበሰውም የሚነሣውም በአንድ ስም ተጠርቷል። አማርኛ ለዚህ እንግዳ አይደለም። «ታጠቀ» ስንል ቀበቶም ነው፣ ጎራዴም ነው፣ ጠመንጃም ነው።

ጥሩርና ራስ ቁር ላይም ፈጠን ብዬ ልለፍ። «ጥሩር» ከጦር ጋር ስለሚመሳሰል መውጊያ የሚመስለው አለ። ደረትን የሚሸፍን የብረት ልብስ ነው፤ ጎልያድም ለብሶት ነበር። «ራስ ቁር» ውስጥ ያለው ቁር ደግሞ ብርድ አይደለም። ሞተረኞቻችን ሄልሜት የሚሉት ዓይነት የራስ መከላከያ ነው።

ጋሻው ግን ቆም ብሎ ማየት ይገባዋል። እኛ ጋሻ ስንል የሚታየን ከጎሽ ወይም ከጉማሬ ቆዳ የተሠራ፣ ክብ፣ በአንድ እጅ የሚያዝ ነው። ግሪኩ እዚህ የተጠቀመው ቃል «ቱሬኦስ» ነው። ስሙ በር ከሚለው ቃል የወጣ ነው። ፖሊቢየስ የሮማውያኑን ጋሻ ስፋቱን ሁለት ጫማ ተኩል፣ ቁመቱን አራት ጫማ ያደርገዋል። በዛሬ ልክ ወደ 75 በ120 ሳንቲ ሜትር ነው። እንጨት በእንጨት ላይ ተጣብቆ፣ በሸራና በጥጃ ቆዳ ተሸፍኖ ይሠራ ነበር። ከኋላው ሰው ይሸሸግበታል። በቁጥር 16 የሚንበለበል ፍላጻ ያጠፋል የተባለው ይህ ዓይነቱ ጋሻ ነው። ክቧን ጋሻ እያሰቡ ሲያነቡት የጥቅሱ ኃይል ይቀንሳል።

ይህን ትጥቅ የሚያሳዩ ሥዕሎች ብዙውን ጊዜ የሮማ ወታደር ስለሚያሳዩም ሐሳቡ ሁሉ ከሮም የመጣ ይመስላል። የጽድቅ ጥሩርና የማዳን ራስ ቁር ግን ኢሳይያስ 59፥17 ላይ ቀድመው አሉ።

«ሰው ላይ መሣሪያ ለማንሣት ጥሪ ነው»

ይህ ከሁሉም በላይ ያሳስበኛል። ጅማ ሙስሊሙም ክርስቲያኑም አንድ ባጃጅ ውስጥ ጎን ለጎን የሚቀመጥበት ከተማ ነው። ጥቅሱን የማያውቅ ሰው «ዕቃ ጦር ልበሱ» የሚል ጽሑፍ ከፊቱ ሲያይ ቢደነግጥ ጥፋቱ የእሱ አይደለም። ቃሉ ከነዐውዱ አልተነገረውም። ስለዚህ ማስረዳት የለጣፊው ኃላፊነት ነው ባይ ነኝ።

ከጥቅሱ ቀጥሎ ያለው ቁጥር 12 «መጋደላችን ከደምና ከሥጋ ጋር አይደለም» ይላል። ደምና ሥጋ ሰው ነው። ስለዚህ ጎረቤት፣ ባለ ሌላ ሃይማኖት፣ ባለ ሌላ ቋንቋ በፍጹም የዚህ ትጥቅ ዒላማ ሊሆን አይችልም። ዕቃዎቹም እውነት፣ ጽድቅ፣ ሰላም፣ እምነት፣ መዳንና የእግዚአብሔር ቃል ናቸው። ጫማው ሳይቀር የሰላም ወንጌል ነው። ታጣቂውም ሂድና አጥቃ አልተባለም፤ ቁም ነው የተባለው። ጸሐፊው ራሱ በዚያው ምዕራፍ ቁጥር 20 ላይ በሰንሰለት መታሰሩን ይናገራል።

ይህን ጥቅስ ይዞ በሰው ላይ የሚፎክር ሰው ካለ ቁጥር 11ን አንብቦ ቁጥር 12ን ዘሏል ማለት ነው። ለጥፈኸው ለምትዞር ወንድሜ፣ ተሳፋሪ ከጠየቀህ ቁጥር 12ን ንገረው። አንድ ደቂቃ አይወስድም።

«በየትኛውም ቦታ የጦር መሣሪያን ሊተካ ይችላል»

አይችልም። «ፖሊስ ዕቃ ጦር ያዘ» ብሎ የሚጽፍ ጋዜጠኛ አንባቢውን ያሳስታል። በሕግና በዜና ቃሉ «የጦር መሣሪያ» ነው። አዋጅ ቁጥር 1177/2012ም «የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ» ነው የሚባለው። በሰፈር ወሬ «መሣሪያ» ወይም «ጠመንጃ» ይበቃል።

ዕቃ ጦር የሚያምረው ሙሉ ትጥቅን በክብር ለመጥራት ሲፈለግ ነው። በስብከት፣ በግጥም፣ ስለ ጥንት ተዋጊ በሚጻፍ ታሪክ ውስጥ ይገባል። «ተዋጊው ዕቃ ጦሩን ለብሶ ወጣ» ቢባል ያምራል። ባለቤትነቱ መጨረሻው ላይ ይጨመራል፤ «ዕቃ ጦሬ»፣ «ዕቃ ጦርህ»፣ «ዕቃ ጦራቸው» እያለ ይሄዳል። «ዕቃ ጦሮች» ግን አያስፈልግም፤ ቃሉ ብዙውን አንድ ላይ የያዘ ነው። ከስድስቱ አንዷን ብቻ ለመጥራት ከፈለጋችሁ በስሟ ጥሯት፤ ጋሻን ጋሻ፣ ጥሩርን ጥሩር በሏት።