«ሐኪም ፖለቲካ ውስጥ ምን ዶለው?»

እዚህ አሜሪካ አንድ ዶክተር ለስቴት ምክር ቤት ሊወዳደር ነው ከተባለ ስልኬ አያርፍም። «ያን ሁሉ ዓመት ተምሮ ምን ነካው?» ይሉኛል። ነርስ ስለሆንኩ መልሱ እኔ ጋ ያለ ይመስላቸዋል። አለኝ፤ ግን መድገም ሰለቸኝ። እስቲ አንዴ ልጻፈውና ልገላገል። ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

«ጋውኑን ሰቅሎ ነው የሚገባው።» የግድ አይደለም። ብዙ የስቴት ምክር ቤቶች ዓመቱን ሙሉ አይሰበሰቡም። ሐኪሙ ሐዋርድ ዲን የቬርሞንት ምክትል ገዥ ሆነውም የሕክምና ሥራቸውን አልተዉም። በ1991 ገዥው በድንገት ሞተው «አሁን ገዥው እርስዎ ነዎት» ሲባሉ በሽተኛ እየመረመሩ ነበር። የሃዋዩ ጆሽ ግሪንም የምክር ቤት አባል ሆነው ድንገተኛ ክፍል ይሠሩ ነበር።

«ለደመወዙ ነው።» ኧረ ባካችሁ! የኒው ሃምፕሻየር ምክር ቤት አባል ደመወዝ በዓመት 100 ዶላር ነው።

«ሐኪሞች ሁሉ የአንድ ፓርቲ ናቸው።» ዲን ዴሞክራት፣ ኢንዲያናን ከ1973 እስከ 1981 የመሩት የቤተሰብ ሐኪሙ ኦቲስ ቦወን ሪፐብሊካን። ይሄ ይበቃል።

«ከገባ አይቀር ዋሽንግተን፣ ፌዴራሉ ጋ ይሂድ፤ ስቴት የልጆች ጨዋታ ነው።» ደሜን የምታፈላው ይቺ ናት!

የሐኪሙን ፈቃድ የሚሰጠውም የሚነጥቀውም ስቴት ነው። የነርሷንም እንደዚያው። እኔ ስቴት ስቀይር ፈቃዴ አብሮኝ አልተሻገረም። እጄ ያው እጅ፣ መርፌው ያው መርፌ፤ ግን ወረቀት እስኪያልቅ ወራት ቤቴ ተቀመጥኩ። ልጅ ትምህርት ቤት ለመግባት የትኛውን ክትባት መውሰድ እንዳለበት የሚወስነውም ስቴት ነው። ካሊፎርኒያ በ2015 «እምነቴ አይፈቅድም» ብሎ ክትባት መዝለልን ስትከለክል፣ ሕጉን ካቀረቡት አንዱ ሪቻርድ ፓን የሕፃናት ሐኪም ነበሩ።

ሜዲኬይድን ደግሞ እዩት፤ ገቢያቸው ዝቅተኛ ለሆነ ሰዎች መንግሥት የሚከፍለው የጤና መድን ነው። ዋሽንግተን በ2010 ይህን መድን ለብዙ ሰው የሚያሰፋ ሕግ አወጣች። በ2012 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ማስፋፋቱን ለየስቴቱ ተወው። ቨርጂኒያ ዓመታት ስትጎተት ቆይታ በ2018 የሕፃናት ነርቭ ሐኪም የነበሩት ገዥ ራልፍ ኖርታም ፈረሙ። ወደ 400,000 ሰው ይጠቀማል ተብሎ ነበር። ያ ሁሉ ሰው እስከዚያ የጠበቀው የቨርጂኒያን ዋና ከተማ ሪችመንድን እንጂ ዋሽንግተንን አይደለም።

ከሁሉ የምወደው ግን የኦሪገን ነው። ጆን ኪትዝሃበር የድንገተኛ ክፍል ሐኪም ነበሩ፤ የስቴቱ ሴኔት ፕሬዚዳንትም ሆኑ። ድንገተኛ ክፍል የሠራ ያውቀዋል፤ ማን ይቅደም ማለት የየደቂቃው ሥራ ነው። ኪትዝሃበር ይህንኑ ወደ ሕግ ወሰዱት። በ1989 በወጣው ሕግ ሜዲኬይድ የሚከፍልለት ሕመምና ሕክምናው ከላይ እስከ ታች በቅደም ተከተል እንዲሰለፍ ተደረገ። ምክር ቤቱ ገንዘቡ እስከ የትኛው መስመር እንደሚደርስ ይወስን ነበር፤ ሰልፉን ማፋለስ ግን አይችልም ነበር። ለወዳጁ በሽታ ወረፋ ማስቆረጥ የለም ማለት ነው። የዋሽንግተን ይሁንታ እስኪመጣ ዓመታት ፈጀ፣ እሱን አልክድም፤ በ1994 ግን ሥራ ጀመረ። ጨካኝ ነው ያሉት ነበሩ። ለእኔ ግን በድብቅ ከመከልከል በግልጽ መከልከል ይሻላል።

«ሐኪም ስለሆነ አይዋሽም፣ አይሰርቅም።» ይቺን የሚሉኝ ደግሞ ዶክተሩን የሚደግፉት ናቸው። የአላባማው ገዥ ሮበርት ቤንትሊ የቆዳ ሐኪም ነበሩ። በ2017 ከምርጫ ገንዘብ ጋር በተያያዘ ሁለት ቀላል ወንጀሎችን አምነው ሥልጣን ለቀቁ። አሁን ያደነቅኳቸው ኪትዝሃበርም በእጮኛቸው የማማከር ሥራ ሳቢያ በተነሳ የጥቅም ግጭት ውዝግብ በ2015 ከኦሪገን ገዥነት ለቀዋል።

ስለዚህ እጩው ዶክተር በራችሁን ሲያንኳኩ ስለ ደም ግፊታችሁ አትጠይቋቸው። ሜዲኬይድ ላይ ድምፃቸውን ለየትኛው ወገን እንደሚሰጡ ጠይቁ። የዘመቻ ገንዘባቸው ከማን እንደመጣም ጠይቁ። ለደም ግፊቱ እኔ አለሁላችሁ፤ መቼም መደወላችሁን አታቆሙም።