ዳይሱኬ ካቶ፦ ፊቱን እንጂ ስሙን የማናውቀው አክተር

የጃፓኑን ፊልም «ሰባቱ ሳሙራይ»ን (1954) ያየ ሰው ዋና ተዋናዮቹን፣ ሚፉኔን አይረሳም፣ ሺሙራንም እንደዛው፣ ግን ከሺሙራ ጎን የማይጠፋው ያ ወፈር ያለ ክብ ፊት ሰውዬ ማነው ብትሉት ብዙው ዝም ነው የሚላችሁ። ዳይሱኬ ካቶ ይባላል። በ1911 ቶክዮ ውስጥ አሳኩሳ የተወለደ፣ ቤተሰቡ ራሱ የመድረክ ቤተሰብ የሆነ ሰው ነው፤ ወንድሙ ኩኒታሮ ሳዋሙራም እህቱ ሳዳኮ ሳዋሙራም አክተሮች ነበሩ። ከጦርነቱ በፊት ዘንሺንዛ የሚባል የቲያትር ቡድን ውስጥ በሌላ የመድረክ ስም ይሰራ ነበር።

ከዛ ለጦርነት ተጠራና ኒው ጊኒ፣ ማኖክዋሪ ወረደ። እዛ የነበረው ሰራዊት መርከብ አይደርስለት፣ ስንቅ የለው፣ ከጥይት ይልቅ ረሃብና ወባ ነው የሚጨርሰው፣ እና አለቆቹ ወታደሩ ጨርሶ ተስፋ እንዳይቆርጥ ብለው ቲያትር ቡድን እንዲቋቋም ፈቀዱ፣ ካቶም ከወታደሩ መሀል ሻሚሰን (ክራር መሰል የጃፓን መሣሪያ) የሚጫወት፣ ልብስ የሚሰፋ ምናምን እየለቀመ ጫካ ውስጥ ትያትር ማሳየት ጀመረ። አንድ ቀን መድረኩ ላይ የፓራሹት ጨርቅ አንጥፈው ከላይ የተቆራረጠ ወረቀት እንደ በረዶ አዘነቡት። ከሰሜን ጃፓን፣ ከበረዶው አገር የመጡት ወታደሮች ያንን ሲያዩ አለቀሱ። ይሄንን ሁሉ በኋላ በመጽሐፍ ጻፈው፣ በ1961 ደግሞ ፊልም ሆነና ራሱን ሆኖ ተወነበት።

ከጦርነቱ በኋላ ነው በደንብ ሲኒማ ውስጥ የገባው። «ራሾሞን» (1950) ላይ ሽፍታውን የያዘው ፖሊስ እሱ ነው። «ሰባቱ ሳሙራይ» ላይ ሺቺሮጂን ሲጫወት፣ የድሮ አለቃው (ሺሙራ) እሱን መንገድ ላይ ዕቃ ሲሸጥ ያገኘዋል፣ ሞቷል ተብሎ የነበረ ሰው እኮ ነው፣ በውጊያ አልሰለቸህም ወይ ሲባል ፈገግ ብቻ ይላል። እኔ ማኖክዋሪን ካወቅኩ በኋላ ያቺን ፈገግታ እንደ በፊቱ ማየት አልቻልኩም። በመጨረሻም ከሚተርፉት ከሶስቱ አንዱ ነው።

ግን ሁሌ ደግ ሰው አይደለም የሚጫወተው። «ዮጂምቦ» (1961) ላይ ሁለቱ ቅንድቡ የተጋጠመ ጅል ጉልበተኛ ነው፣ የዳይሬክተር ናሩሴ «ሴት ደረጃ ስትወጣ» (1960) ላይ ደግሞ የፋብሪካ ባለቤት ነኝ ብሎ ጋብቻ የሚጠይቅ፣ ኋላ ሚስትና ልጆች ያሉት ድሃ መሆኑ የሚታወቅ ውሸታም። ያ የዋህ ፊቱ ባይኖር ማን ያምነው ነበር! በተረፈ ከአክተሩ ሂሳያ ሞሪሺጌ ጋር የሰራቸው የቢሮ ኮሜዲዎች ነበሩ፣ ጃፓን ውስጥ ሰዉ ይበልጥ የለመደው በነሱ ነው። በ1975፣ በ64 ዓመቱ አረፈ።

ዳይሬክተር ኦዙ በ1962 በሰራው የመጨረሻ ፊልሙ ላይ ካቶ የቀድሞ የባህር ኃይል የበታች ሹም ሆኖ አለቃውን ቡና ቤት ይወስደዋል። ብናሸንፍ ኖሮ እኔም እርስዎም አሁን ኒው ዮርክ ነበርን ይለዋል። አለቃው መሸነፋችን ሳይሻል አይቀርም ሲለው ወዲያው ይስማማል፣ ከዛ የባህር ኃይሉ የሰልፍ ሙዚቃ ይከፈትና ካቶ እጁን ግንባሩ ላይ አድርጎ ጠባቧ ቡና ቤት ውስጥ እየዞረ ይሰለፋል።