ፓተንት ምንድን ነው? በአመድ የተጀመረው የአሜሪካ ውል

አሜሪካ የመጀመሪያውን ፓተንት የሰጠችው ለአመድ ነው። ቀልድ አይደለም።

ቀኑ ጁላይ 31፣ 1790 ነው። (እዚህ ያሉት ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።) ሰውየው ሳሙኤል ሆፕኪንስ ይባላል። በዚያ ዘመን አሜሪካ ውስጥ ጫካ የሚመነጥር ገበሬ እንጨቱን ያቃጥልና አመዱን አይደፋውም። በውሃ ያጠልለዋል። ያን ውሃ በትልቅ የብረት ድስት ጥዶ ያንተከትከዋል። ውሃው ተንኖ ሲያልቅ ከሥር የሚቀረው ጨው መሳይ ነገር ፖታሽ ይባላል። ሳሙና ይሠራበታል፣ ብርጭቆ ይሠራበታል፣ ወደ ውጭም ይሸጣል። ሆፕኪንስ ያመጣው አዲስ ነገር አንዲት እርምጃ ናት፤ አመዱን ውሃ ከማስነካትህ በፊት ምድጃ ውስጥ እንደገና አቃጥለው። እንዲህ ሲደረግ ከዚያው አመድ የበለጠ ፖታሽ ይወጣል።

በቃ፣ ይኸው ነው። ለዚህች እርምጃ ፕሬዚዳንት ጆርጅ ዋሽንግተን በገዛ እጁ ፈረመለት።

እንግዲህ ፓተንት ምንድን ነው ብትሉኝ፣ ውል ነው እላችኋለሁ። አንዱ ተዋዋይ አዲስ ነገር ያገኘ ሰው ነው። ሌላው ሕዝብን ወክሎ የሚፈርም መንግሥት ነው። ሰውየው ነገሩ እንዴት እንደሚሠራ ሳይደብቅ ጽፎ፣ በሥዕል አስደግፎ ያስረክባል። መንግሥትም በተራው «ለዚህን ያህል ዓመት ያላንተ ፈቃድ ማንም አይሠራውም፣ አይጠቀምበትም፣ አይሸጠውም» ይለዋል። ዓመቱ ሲያልቅ ነገሩ የሁሉም ይሆናል። የፈለገ ይሠራዋል፤ አምስት ሳንቲም አይከፍልም።

ብዙ ሰው ፓተንት ሲባል ምስጢርና ካዝና ነው የሚታየው። ነገሩ ግን የተገላቢጦሽ ነው። ቃሉ ከላቲን የመጣ ሲሆን «ክፍት» ማለት ነው። የጥንት የአውሮፓ ነገሥታት ሁለት ዓይነት ደብዳቤ ይጽፉ ነበር። አንዱ ታሽጎ ለተላከለት ሰው ብቻ የሚሄድ ነው። ሌላው ማኅተሙ ከግርጌ ተንጠልጥሎ፣ ማንም እንዲያነበው ክፍት የሚተው ነው። ፓተንት የሁለተኛው ልጅ ነው።

እኛ አገር ያለውን መድኃኒት አዋቂ አስቡት። ቅጠሉን ያውቃል፣ ለማንም ግን አይናገርም። ከተናገረ እንጀራው ተቋረጠ ማለት ነዋ! ሊሞት ሲል ወይ ለሚወደው ልጁ ይነግራል፣ ወይ ይዞት መቃብር ይወርዳል። ስንቱ እውቀት እንዲህ አፈር ገባ። ፓተንት እንዲህ ያለውን ሰው «ንገረንና ለጥቂት ዓመት ብቻህን ብላበት» ብሎ መለመን ነው።

እዚህ ላይ አንድ ሰው ሁሉ የሚሳሳትበት ነገር አለ። ፓተንት የመሥራት ፈቃድ አይደለም፣ የመከልከል ሥልጣን ነው። ፓተንት እያለህም የራስህን ዕቃ መሥራት ላትችል ትችላለህ። ዕቃህ ውስጥ የሌላ ሰው ፓተንት ካለበት እሱም በተራው ይከለክልሃል። ደግሞ ዘፈን ፓተንት የለውም፤ እሱ የቅጂ መብት ነው። የሱቅህ ስምም ፓተንት የለውም፤ እሱ የንግድ ምልክት ነው። «አንድ አሪፍ ሐሳብ አለኝ» ብቻውንም አይበቃም። እንዴት እንደሚሠራ ማሳየት አለብህ።

አሜሪካኖች ፓተንትን አልፈጠሩትም። ቬኒስ በ1474 ሕግ አውጥታለታለች። እንግሊዝ ውስጥ ደግሞ ንጉሥ ለባለሟሉ የሚሰጠው ስጦታ ሆኖ ቆይቷል። ንግሥት ኤልሳቤጥ ቀዳማዊት የመጫወቻ ካርታ ንግድን ለአንድ ባለሟሏ ብቻ ሰጥታ ነበር። ሰውየው ካርታን አልፈለሰፈ፣ ምን አልፈለሰፈ! ሕዝቡ በዚህ ተማርሮ፣ በኋላ ፓርላማው መብቱ ለአዲስ ፈጠራ ብቻ እንዲሆን ወሰነ። እንደዚያም ሆኖ ወጪው የሚቀመስ አልነበረም፤ በሆፕኪንስ ዘመን አንድ የእንግሊዝ ፓተንት ከ100 ፓውንድ በላይ ይፈጅ ነበር።

የአሜሪካ አዲስ ነገር ሁለት ነው። አንደኛ፣ በ1787 የተጻፈው ሕገ መንግሥት ራሱ ጉዳዩን አነሳው። ምክር ቤቱ «የሳይንስንና የጠቃሚ ጥበባትን እድገት» ለማበረታታት ለደራሲዎችና ለፈጠራ ሰዎች ለተወሰነ ጊዜ መብት ይስጥ አለ። ሁለተኛ፣ በ1790 በወጣው ሕግ ክፍያው ጥቂት ዶላር ብቻ ሆነ። ገበሬውም አናጢውም ማመልከት ቻለ። እኔን ብትጠይቁኝ ከሁለቱ ትልቁ ይሄኛው ነው።

መጀመሪያ ላይ ማመልከቻውን የሚመረምሩት ሦስት ባለሥልጣናት ነበሩ። የውጭ ጉዳዩ ቶማስ ጄፈርሰን፣ የጦር ሚኒስትሩ ሄንሪ ኖክስና ዋና ዓቃቤ ሕጉ ኤድመንድ ራንዶልፍ። አገር ገና እየመሠረቱ ያሉ ሰዎች ቁጭ ብለው ስለ አመድ ሲያነቡ ይታያችሁ። በዚያ ዓመት የተሰጠው ፓተንት ሦስት ብቻ ነው። ሥራው ስላላዛለቃቸው በ1793 ሕጉ ተቀየረ። ከዚያ በኋላ ምርመራ ቀረ። ክፍያህን ከፍለህ ትመዘገባለህ፣ ጸብ ካለ ፍርድ ቤት ይፈታዋል። ውጤቱን መገመት አያቅትም። የሰው ሥራ የገለበጠ ሁሉ ባለ ፓተንት ሆነ።

በ1836 ጉዳዩ መልክ ያዘ። ሙያ ያላቸው መርማሪዎች ተቀጠሩ፣ ፓተንቶችም ከ1 ጀምሮ ቁጥር ተሰጣቸው። ቁጥር 1 የደረሰው ሕጉን ለገፋው ለሴናተር ጆን ራግልስ ነው። (አጋጣሚ ነው እንበል።) በዚያው ዓመት ዲሴምበር ላይ መሥሪያ ቤቱ ተቃጠለ። ወደ 10,000 የሚጠጉ ፓተንቶች ከነሥዕላቸውና ከነሞዴላቸው ወደሙ። ቅጂያቸው እየተፈለገ የተመለሰው ሩብ ያህሉ ብቻ ነው። ለሆፕኪንስ የተሰጠው ወረቀት ግን ተርፎ፣ ዛሬ ቺካጎ በሚገኝ የታሪክ ሙዚየም ውስጥ ነው። ስለ አመድ የሚያወራው ወረቀት አመድ ሳይሆን ቀረ።

ፓተንት ውል ከሆነ ታዲያ መፈረም የሚችለው ማን ነው? በ1821 ቶማስ ጄኒንግስ የሚባል ጥቁር ልብስ ሰፊ ኒው ዮርክ ውስጥ ልብስ በደረቁ ለሚጸዳበት ዘዴ ፓተንት አገኘ። ፓተንት በማግኘት የሚታወቅ የመጀመሪያው ጥቁር አሜሪካዊ ነው። ያገኘው ነጻ ሰው ሆኖ ስለተወለደ ነው። ባርያ ቢሆን ኖሮስ? መልሱ በ1858 መጣ። ሚሲሲፒ ውስጥ ኔድ የተባለ በባርነት የተያዘ ሰው ለጥጥ እርሻ የሚሆን መኮትኮቻ መሣሪያ ሠራ። ጌታው ኦስካር ስቱዋርት «ሰውየው የኔ ነው፣ ስለዚህ ፈጠራውም የኔ ነው» ብሎ አመለከተ። የመንግሥቱ ዋና ዓቃቤ ሕግ ግን ለሁለቱም አይሰጥም አለ። ሕጉ አመልካቹ «እኔ ነኝ የፈለሰፍኩት» ብሎ እንዲምል ያዛል። ጌታው እንዳይምል አልፈለሰፈውም። ኔድ እንዳይምል ሕጉ እንደ ዜጋ አይቆጥረውም። ጌታው ግን ያለ ፓተንትም መሣሪያውን እያመረተ ሸጠው። በ1861 የተገነጠሉት የደቡብ ግዛቶች የራሳቸውን ሕግ ሲያወጡ ባርያው የፈለሰፈውን ጌታው በስሙ እንዲያስመዘግብ ፈቀዱ። ስለ ኔድ ከዚያች አንድ ስም ውጪ የቀረልን ብዙ ነገር የለም።

አብርሃም ሊንከንም ፓተንት ነበረው። በ1849 የተሰጠው ቁጥር 6,469 ነው። ጀልባ ጥልቀት በሌለው ወንዝ ላይ ሲጣበቅ በአየር በሚነፉ ከረጢቶች ከፍ የሚያደርግ ዘዴ ነው። ከአሜሪካ ፕሬዚዳንቶች ፓተንት ያለው እሱ ብቻ ነው፤ መሣሪያው ግን ገበያ አልወጣም። ፓተንት ያለው ሁሉ ሀብታም ይሆናል የሚል ካለ ይቺን ንገሩት። ይሁን እንጂ ሊንከን ሥርዓቱን ይወደው ነበር። የፓተንት ሕግ በብልህነት እሳት ላይ የጥቅም ነዳጅ ጨመረበት ብሏል።

ዓመቱ በየጊዜው ተቀያይሯል። በ1790 ለ14 ዓመት ነበር፣ በ1861 ወደ 17 አደገ፣ ከ1995 ወዲህ ደግሞ ካመለከቱበት ቀን ጀምሮ 20 ነው። ከ2013 በፊት አሜሪካ የምታስቀድመው መጀመሪያ የፈለሰፈውን ነበር። አሁን እንደ ሌላው ዓለም መጀመሪያ ያመለከተውን ታስቀድማለች። በ2018 ቁጥሩ 10 ሚሊዮን ደርሷል።

ፈተናው ግን ያው ነው። ነገሩ አዲስ መሆን አለበት። ጠቃሚ መሆን አለበት። ሙያውን የሚያውቅ ሰው «ይሄማ ግልጽ አይደል እንዴ» የማይለው መሆን አለበት። በዚህ ሦስተኛው ብዙዎች ይወድቃሉ። የጤፍን ጉዳይ የምታስታውሱ ታውቁታላችሁ። አንድ የሆላንድ ኩባንያ በጤፍ ዱቄት አዘገጃጀት ላይ የአውሮፓ ፓተንት አውጥቶ ነበር። በ2018 የሄግ ፍርድ ቤት አገላብጦ አየውና የፈጠራ ደረጃ ስለሌለው አይጸናም አለ። እኛስ ከጥንትም እንዲህ ነበር የምንለው፤ ግን ይህን የሚለው ዳኛ ሲሆን ነው የሚያስከብረው።

ሰፈራችን በረንዳ ላይ አንድ ልብስ ሰፊ አለ። መኪናው ጥቁር አሮጌ ሲንጀር ናት። አንድ ቀን መርፌዋን እንዲያወጣልኝ ለመንኩት። የእጅ መርፌ ቀዳዳው በጭራው በኩል ነው። የመኪና መርፌ ግን ቀዳዳው ጫፉ ላይ፣ ከሹሉ አጠገብ ነው። ይቺ ቀዳዳ አሜሪካን አባልታለች።

በ1830ዎቹ ዋልተር ሃንት የተባለ ኒው ዮርካዊ ቀዳዳው ጫፉ ላይ በሆነ መርፌ የሚሰፋ መኪና ሠራ። ፓተንት ሳያወጣ ተወው። (መርፌ ቁልፍንም የሠራው እሱ ነው። የእሷን ፓተንት አውጥቶ በ400 ዶላር ሸጣት።) ከዚያ በ1846 ኤልያስ ሃው የሚባል ድሃ መካኒክ ተመሳሳይ መኪና ሠርቶ ፓተንቱን ወሰደ። ገዢ ቢያጣ እንግሊዝ ድረስ ሄደ። እዚያም አልተሳካለትም። በ1849 ባዶ እጁን ሲመለስ አገሩ ውስጥ የእሱን መርፌ የያዙ መኪናዎች ይሸጣሉ። ከሻጮቹ አንዱ በ1851 የራሱን ፓተንት ያወጣው አይዛክ ሲንገር ነው፤ የኛ ሲንጀር።

ሃው ከሰሰ። ሲንገር ሃንትን ፈልጎ ከነአሮጌ መኪናው አመጣና «ይኸው፣ ከሃው በፊት ተሠርቷል» ብሎ ተከራከረ። ክርክሩ አላዋጣም። ሃንት ሥራውን ጥሎት ነበር። ለሕዝብ አላሳወቀም፣ ውሉን አልገባም። በ1854 ለሃው ተፈረደ፣ ሲንገርም 15,000 ዶላር ከፈለ።

ጸቡ ግን አላለቀም። አንዱ መርፌው አለው፣ ሌላው ጨርቅ የሚገፋው ጥርስ አለው፣ ሌላው ደግሞ ሌላ ነገር አለው። ሁሉም ሁሉንም መከልከል ይችላል። ማንም ሙሉ መኪና ያለ ስጋት መሥራት አልቻለም። በ1856 ደከማቸውና ፓተንታቸውን አንድ ላይ አድርገው ማኅበር መሠረቱ። ፓተንቶችን በጋራ መያዝ የሚባለው ነገር አሜሪካ ውስጥ በዚህ ተጀመረ። ሃው በአሜሪካ ከሚሸጥ እያንዳንዱ መኪና መጀመሪያ ላይ 5 ዶላር ይደርሰው ነበር። ፓተንቱ ያበቃው በ1867 ነው። እሱም በዚያው ዓመት ሞተ፣ ሀብታም ሆኖ። ማኅበሩ በ1877 የመጨረሻው ፓተንት ሲያልቅ ፈረሰ፣ የመኪና ዋጋም ወረደ።

ይህን ሁሉ ለልብስ ሰፊው አወራሁለት። እሱ መርፌዋን መልሶ አሰረ፣ የክሩን ጫፍ በምራቁ አረጠበ፣ በአንድ ጊዜ ቀዳዳዋ ውስጥ ሰደደው። «ታዲያ አሁን ለሰውየው ልጆች ይከፈላል?» አለኝ። ኧረ የለም አልኩት። ፔዳሉን ረገጠ።